ቀያሹ አልመጣ ሲል፦ የመሬት ልኬታ ጥያቄ መልስ ሲያጣ የትኛው መንገድ ይሻላል?

አጎቴ ማሳቸው እንዲለካላቸው ያመለከቱት ጥር ላይ ነበር። ሌላ ጥር መጥቶ አለፈ፤ ቀያሽ ግን ድርሽ አላለም። «ባለሙያው መስክ ወጥቷል»፣ «መሣሪያው ተበላሽቷል»፣ «ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው»፣ «ሰኞ ተመለሱ»። የትኛው ሰኞ እንደሆነ የነገራቸው የለም። የወረዳውን ስም አልጠራም። ደጅ ጠንቶ የሚያውቅ ሰው ታሪኩን ከእኔ በላይ ያውቀዋል።

ዘመድ ተሰበሰበና ሁሉም መካሪ ሆነ። አንዱ «ፍርድ ቤት ክሰሱ» አለ። አንዱ «ዞን ውጡ» አለ። አንዷ አክስታችን «ሽማግሌ ላኩ እንጂ ምን ያካስሳችኋል» አለች። አንዱ ደግሞ ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ለሻይ ጣል አድርጉ» አለ። እኔ ደብረ ማርቆስ ስለምኖር ወረቀቱን ማዞር በእኔ ላይ ወደቀ። ያኔ መንገዶቹን ጎን ለጎን አስቀምጦ ያሳየኝ ሰው ስላልነበረ፣ ከአንዱ ወደ አንዱ ስዘል ብዙ ወር አቃጠልኩ።

መቼም ታሪክ ይገርማል። በ1960 ዓ.ም. የእርሻ ሥራ ገቢ ግብር ሲታወጅ ጎጃም «ለክተው መሬታችንን ሊወስዱብን ነው» ብሎ ነፍጥ አነሳ። ቀላድ፣ ማለትም የመሬት መለኪያ ገመድ፣ ሊጥል የሚመጣ ሰው የሚፈራ ሰው ነበር። ዛሬ የዚያ ገበሬ ልጅ «ኧረ እባካችሁ ለኩልኝ» እያለ ደጅ ይጠናል።

መጀመሪያ ባላጋራችሁን ለዩ

ከሁሉ በፊት አንድ ጥያቄ መልሱ። የተጣላችሁት ከቢሮው ጋር ነው ወይስ ከጎረቤት ጋር?

ድንበር የነካ ሰው ከሌለ፣ ልኬታውን የፈለጋችሁት ለውርስ ክፍፍል፣ ለስጦታ፣ ለብድር ወይም አሮጌውን የይዞታ ማረጋገጫ ደብተር በካርታ ለመቀየር ከሆነ፣ ችግራችሁ ቢሮው ብቻ ነው። ጎረቤት ትልም በትልም እየገፋ ከመጣ፣ ወይም ድንበሩ ላይ ባሕር ዛፍ ከተከለ ግን ዋናው ባላጋራ ጎረቤት ነው። የቢሮው ዝምታ ተጨማሪ ራስ ምታት ነው። የእኛ ስህተት እዚህ ላይ ነበር። ጎረቤት እየገፋን፣ እኛ ዓመት ሙሉ ከቢሮው ጋር ታገልን።

ሁለተኛው ማጣሪያ ቦታው ነው። ይህ ጽሑፍ ስለ ገጠር ይዞታ ነው። የከተማ ቦታ በሊዝ አዋጁ፣ በ721/2004፣ እና በከተማ ይዞታ ምዝገባ አዋጁ ስለሚመራ የሚሄደው ወደ ከተማው አስተዳደር ነው። አስቸጋሪው ከከተማ ዳር ያለው ማሳ ነው። ማሳው ወደ ከተማ ክልል ተካቷል ከተባለ ገጠሩ «ለከተማው አስረክበናል»፣ ከተማው «ገና አልተረከብንም» ይላሉ። እንዲህ ከሆነ ሌላ ነገር ከመጀመራችሁ በፊት መሬቱ አሁን በማን መዝገብ ላይ እንዳለ በጽሑፍ ጠይቁ።

በምን እንመዝናቸው?

መንገዶቹን የመዘንኩባቸው ነገሮች እነዚህ ናቸው። አንደኛ፣ ቀያሹን የማስመጣት አቅም አለው ወይ? ሁለተኛ፣ ስንት ጊዜ ይወስዳል? ሦስተኛ፣ ከኪስ ምን ያህል ይወጣል? ወጪ ስል የሚታሰበው ጠበቃ ብቻ አይደለም፤ ትራንስፖርት፣ ራፖር ጸሐፊ (ማመልከቻና ክስ የሚጽፍ ሰው)፣ ፎቶ ኮፒ፣ ከሥራ የቀረ ቀን ሁሉ ይደመራል። አራተኛ፣ ከጎረቤት ጋር ነገ እንዴት ታድራላችሁ? አምስተኛው ብዙ ሰው የሚረሳው ነው፦ ይህን መንገድ ስትይዙ ሌላው ይዘጋል ወይ?

ሀ. እዚያው ቢሮው ውስጥ መግፋት

ርካሹ መንገድ ይህ ነው። የሚከሽፈውም በአንድ ምክንያት ነው፤ በቃል ስለሚካሄድ። አጎቴ ስምንት ጊዜ ያህል ተመላልሰዋል። መዝገብ ላይ የሚታየው ግን አንድ ማመልከቻ ብቻ ነበር። በቢሮው ዓይን የጠየቁት አንዴ ነው።

ስለዚህ ማመልከቻውን በሁለት ቅጂ አዘጋጁ። አንዱን መዝገብ ቤት አስገቡ፤ ሌላው ላይ ማኅተም፣ ቀንና የገቢ ቁጥር አስመቱ። ከወር በኋላ «በቁጥር ይህን ያህል ላቀረብኩት ጥያቄ መልስ አልተሰጠኝም» የሚል ማስታወሻ በዚያው መንገድ አስገቡ። ከዚያ ለወረዳው ኃላፊ፣ ቀጥሎ ለዞኑ መሬት መምሪያ፣ አስፈላጊ ከሆነም ባሕር ዳር ለክልሉ መሬት ቢሮ። ለላይኛው ስትጽፉ ለታችኛው ግልባጭ አድርጉ። ግልባጭ የማይሠራው ተአምር የለም።

ቢሮው ሁልጊዜ ክፉ ሆኖ አይደለም። ለብዙ ቀበሌ አንድ ባለሙያ የሚዞርበት ወረዳ አለ። ክረምት ላይ ጭቃውና ሰብሉ አያስገባም፤ ለልኬታ የሚመቸው ከጥር እስከ ግንቦት ያለው ጊዜ ነው። ሰኔ ላይ አመልክቶ ነሐሴ ላይ «ታፈንኩ» የሚል ሰው ትንሽ ይታገሥ። መንገድ በጸጥታ ችግር ተዘግቶ ቀያሹ መንቀሳቀስ ካልቻለም የዳኛም ትእዛዝ አያንቀሳቅሰውም።

ለ. ሽማግሌና የቀበሌ ኮሚቴ

ሽምግልና ከሕግ ውጭ የሚመስለው ሰው አለ። አይደለም። የፌዴራሉ የገጠር መሬት አዋጅ 456/1997 በአንቀጽ 12 ክርክር መጀመሪያ በውይይትና በስምምነት፣ ካልሆነም ተከራካሪዎቹ በመረጧቸው ሽማግሌዎች እንዲታይ ደንግጎ ነበር። ያ አዋጅ በ1324/2016 ተተክቷል፤ ሽምግልናን ማስቀደሙ ግን በመሬት ነገር የቆየ መንገድ ነው።

ጥቅሙ ፍጥነቱ ነው። ድንበሩን የሚያውቁ አባቶች ማሳው ላይ ቆመው «ግራሩ እዚህ ነበር፣ ድንጋዩ እዚያ ነበር» ሲሉ ከብዙ መሣሪያ ይበልጣሉ። በመጀመሪያው ደረጃ ምዝገባ የተሰጠው አሮጌው ደብተር እኮ ካርታ የለውም። ስፋቱንና በአራቱም አቅጣጫ የሚያዋስኑትን ሰዎች ስም ነው የሚናገረው። አዋሳኙ ሞቶ ልጁ ሲተካ፣ ያ ስም የቱ ጋ እንደነበር የሚያስታውሰው ሽማግሌ ነው።

ድክመቱም ግልጽ ነው። ሽማግሌ ካርታ አይሰጥም። ብድር ሰጪውም ሆነ የውርስ መዝገቡ የሚጠይቀው የቢሮውን ወረቀት ነው። ስለዚህ ስምምነቱን አጽፉ፣ አስፈርሙ፣ ለቀበሌው የመሬት አስተዳደር ኮሚቴ አስገቡ። ችካል ተተክሎ ወረቀት ካልተጻፈ በሚቀጥለው ክረምት ማረሻው ችካሉን ይነቅለዋል።

ሐ. ቅሬታ ሰሚና እንባ ጠባቂ

በአስተዳደር ጽሕፈት ቤቶች ሥር ቅሬታ የሚሰሙ ክፍሎች አሉ። ከዚያ ሌላ ባሕር ዳር ቅርንጫፍ ያለው የኢትዮጵያ የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም አለ። ተቋሙ በአዋጅ 211/1992 የተቋቋመ ሲሆን አዋጁ በ1142/2011 ተሻሽሏል። ሥራው የአስተዳደር በደልን መመርመር ነው። ጥያቄ ተቀብሎ ዝም ማለት ደግሞ ዓይነተኛ የአስተዳደር በደል ነው። ክፍያ አይጠይቅም፤ ጠበቃም አያስፈልግም።

ሁለት ነገር ግን እወቁ። የሚሰጠው የመፍትሔ ሐሳብ እንጂ የፍርድ ትእዛዝ አይደለም። እንዲሁም ፍርድ ቤት የተያዘን ጉዳይ አይመረምርም። ስለዚህ እንባ ጠባቂን የምትፈልጉ ከሆነ ከክስ በፊት ሂዱ። ክስ መሥርታችሁ «ይሄንንም ልሞክር» ካላችሁ በሩ ተዘግቶ ይጠብቃችኋል።

መ. ቢሮውን መክሰስ

«ፍርድ ቤት ያስገድድልኝ» ሲባል ሰው በአብዛኛው የሚያስበው ይህን ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 37 በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት የማቅረብ መብት ይሰጣል። መነሻው ይህ ነው። መንገዱ ግን ጠባብ ነው።

አንድ ስህተት ቀድሜ ላንሳ። ብዙ ሰው የፌዴራሉን የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ፣ 1183/2012ን፣ ይዞ ይመጣል። አዋጁ የመንግሥት ተቋም ውሳኔ በፍርድ ቤት እንዲከለስ የሚፈቅድ ጥሩ አዋጅ ነው። የሚመለከተው ግን የፌዴራል ተቋማትን፣ አዲስ አበባንና ድሬዳዋን ነው። የማቻከል ወይም የይልማና ዴንሳ ወረዳን መሬት ጽሕፈት ቤት በዚያ አዋጅ አትከስሱም። እኔም አሳትሜው ይዤ ሄጄ ነበር። ራፖር ጸሐፊው አንገቱን ነቅንቆ መለሰልኝ።

ስለዚህ የሚቀረው መደበኛው የፍትሐ ብሔር ክስ ነው። እዚህ ላይ ሁለት ወጥመድ አለ። በ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 33 ከሳሹ በጉዳዩ ላይ መብት ወይም ጥቅም ሊኖረው ይገባል። በአንቀጽ 231 ደግሞ የክስ ምክንያት የሌለው ክስ ገና መጥሪያ ሳይወጣ ውድቅ ይሆናል። በቃል ብቻ ተመላልሳችሁ ከነበረ «ቢሮው እምቢ ያለው መቼ ነው?» ሲባል የምታሳዩት የለም። ማኅተም ያለው ቅጂ ዋጋው እዚህ ይታያል።

የዳኝነት ጥያቄው አጻጻፍም ይወስናል። «መሬቱ የእኔ ስለሆነ ይህን ያህል ጥማድ ተለክቶ ይሰጠኝ» ብትሉ ዳኛው «ይህ የአስተዳደር አካል ሥራ ነው» ብሎ ሊመልሳችሁ ይችላል። ፍርድ ቤት በቢሮው ፈንታ አይለካም፤ ውጤቱንም ቀድሞ አይወስንም። ይልቅ እንዲህ ይጻፍ፦ «በዚህ ቀን፣ በዚህ ቁጥር ያቀረብኩት የልኬታ ጥያቄ መልስ አላገኘም። ቢሮው ማሳውን ለክቶ ውጤቱን በጽሑፍ እንዲሰጠኝ፣ ይህ አይቻልም የሚልም ከሆነ ምክንያቱን በጽሑፍ እንዲያሳውቀኝ ይታዘዝልኝ»። የምትጠይቁት ሥራውን እንዲሠራ ነው እንጂ ለእናንተ እንዲፈርድ አይደለም። ለዳኛ ይህን መፍቀድ ይቀላል።

ደብተሩ ላይ የባልና የሚስት ስም ካለ ሁለቱም ይግቡበት። መሬቱ የሟች ከሆነ መጀመሪያ የወራሽነት ማረጋገጫ ያስፈልጋል። ለቢሮው የሚከራከርለት ዐቃቤ ሕግ እነዚህን ቀዳዳዎች ሳያያቸው አያልፍም።

ሠ. ጎረቤትን ከስሶ ልኬታውን በፍርድ ቤት ማዘዝ

እውነቱን ለመናገር፣ ድንበር ላይ ክርክር ላለበት ሰው ከሁሉም የሚሻለው ይህ ነው። ነገሩ ቀላል ነው። በእናንተና በጎረቤት መካከል የቀረበ ክስ ሲኖር ፍርድ ቤቱ ለመወሰን ማስረጃ ይፈልጋል። ስለዚህ ለወረዳው መሬት ጽሕፈት ቤት «ባለሙያ ልካችሁ፣ ለክታችሁ፣ ውጤቱን ከነንድፉ ለቀጠሮው ቀን አቅርቡ» ብሎ ይጽፋል። እናንተ ዓመት የለመናችሁት ልኬታ አሁን የዳኛ ትእዛዝ ሆነ። ቢሮው ቢዘገይ በድጋሚ ይታዘዛል፤ ቢብስ ኃላፊው ቀርቦ እንዲያስረዳ ይጠራል። ከሳሽን «ሰኞ ተመለስ» ማለት ይቻላል፤ ዳኛን ግን ከባድ ነው።

ከሁሉም በላይ እዚህ ላይ አንድ የጊዜ ገደብ አለ። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1149 «ሁከት ይወገድልኝ»፣ ማለትም ይዞታዬን የነካው ሰው እጁን ያንሳልኝ፣ ብሎ መክሰስ የሚቻለው ድንበሩ ከተነካበት ቀን ጀምሮ በ2 ዓመት ውስጥ ነው። ቢሮው ሲያመላልሳችሁ ይህ ቆጠራ አይቆምም። እኛ ከ24ቱ ወር 13ቱን በቢሮው በር ላይ ጨርሰን ነበር። ሳውቅ ደነገጥኩ።

ጎረቤት እስከዚያው ቤት እንዳይሠራ ወይም ተጨማሪ ዛፍ እንዳይተክል ከፈለጋችሁ በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 154 የእግድ ትእዛዝ አብራችሁ ጠይቁ።

ወጪው ከበድ ይላል። የዳኝነት፣ የራፖር ጸሐፊ፣ የምስክር ማመላለሻ አለ። የቀያሹን ውሎ አበልና ትራንስፖርት ጠያቂው እንዲሸፍን መታዘዙም የተለመደ ነው። አቅም የሌለው ሰው ከሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 467 ጀምሮ ባለው የደሃ ደንብ ዳኝነት ሳይከፍል መክሰስ ይችላል። የባሕር ዳርና የደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲዎች የሕግ ትምህርት ቤቶችም በነጻ የሕግ ድጋፍ ይረዳሉ። ከገንዘቡ የሚብሰው ግን ሌላ ነው። በአንድ ምንጭ የምትቀዱ፣ በአንድ ዕድር ያላችሁ ሰዎች ናችሁ።

በሰንጠረዥ ሲታይ

| መንገድ | የማስገደድ አቅም | ጊዜ | ወጪ | ከጎረቤት ጋር | ጥንቃቄ |
|---|---|---|---|---|---|
| ቢሮው ውስጥ መግፋት | ደካማ፤ በጽሑፍ ሲሆን ይሻላል | ወራት | ትንሽ | አይነካም | ክረምት ከመግባቱ በፊት ጀምሩ |
| ሽማግሌና ኮሚቴ | በስምምነት ብቻ | ቀናት ወይም ሳምንታት | በጣም ትንሽ | ይጠብቃል | አጽፉ፣ አስፈርሙ |
| ቅሬታ ሰሚ፣ እንባ ጠባቂ | መካከለኛ፤ ጫና እንጂ ፍርድ አይደለም | ወራት | ትራንስፖርት | አይነካም | ከክስ በፊት ብቻ |
| ቢሮውን መክሰስ | ትእዛዝ ከተሰጠ ጠንካራ | ረጅም | መካከለኛ | አይነካም | የጽሑፍ ማስረጃ ከሌለ ይወድቃል |
| ጎረቤትን ከስሶ ማስለካት | በጣም ጠንካራ | ወራት፣ ይግባኝ ካለ ከዚያ በላይ | ከፍተኛ | ያሻክራል | የ2 ዓመት ገደብ |

«ለሻይ» የተባለውን ሰንጠረዡ ውስጥ አላስገባሁትም። ወንጀል መሆኑ አንድ ነገር ነው። በጉቦ የተለካ ማሳ ደግሞ ጎረቤቱ ትንሽ ጨምሮ ሲከፍል እንደገና ይለካል። ፍርድ ቤት በር ላይ «እኔ ልጨርስልህ» የሚል ጉዳይ ገዳይም ያው ነው።

ታዲያ ለማን የትኛው?

ክርክር የሌለበት፣ ካርታ ብቻ የፈለገ ሰው ከ«ሀ» ይጀምር። ሁለት ማስታወሻ አስገብቶ መልስ ካጣ ወደ «ሐ» ይሂድ። ክስ የመጨረሻው ይሁን። ብድር ወይም ውርስ የሚያጣድፈው ከሆነ ግን የተጻፈ እምቢታ ባገኘ ማግስት ወደ «መ» ቢያልፍ አልፈርድበትም።

ድንበሩ በቅርቡ የተነካበት ሰው «ለ»ን ይሞክር፤ ግን ቀን ይቁረጥለት። «እስከ ጥምቀት ካልተስማማን እከሳለሁ» ብሎ ለሽማግሌዎቹ ይንገራቸው። ዓመት ከስድስት ወር ያለፈው ሰው ሽማግሌ እያመላለሰ ጊዜ አያጥፋ፤ ክሱን መሥርቶ ከዚያ ይታረቅ። ፍርድ ቤት ዕርቅን አይከለክልም፤ ስምምነቱን መዝግቦ መዝገቡን ይዘጋል። ፍርድ ቤቶች ነሐሴና መስከረም በዕረፍት ላይ ስለሚሆኑ፣ ገደቡ እዚያ አካባቢ የሚያልቅበት ሰው ሐምሌ ሳይገባ ይጨርስ።

ገንዘብ የሌለው፣ መሬቷም በዘመድ የተያዘባት ባል የሞተባት ሴት ወይም ወላጅ አልባ ልጅ በቀጥታ ወደ ነጻ የሕግ ድጋፍ ይሂዱ። ለብቻ መሯሯጥ ለእነሱ ከሁሉም ውዱ መንገድ ነው።

አንድ ነገር ደግሞ ማንም አይነግራችሁም። ከማመልከታችሁ በፊት ራሳችሁ ለኩ። ገመድ ይበቃል። የስልክ ጂፒኤስ ጥቂት ሜትር ስለሚስት ስፋቱን በግምት ያሳያችኋል እንጂ የአንድ ትልም ክርክር አይፈታም። ይህን የምለው ያለ ምክንያት አይደለም። በመጀመሪያው ደረጃ ምዝገባ ብዙ ማሳ የተለካው በገመድና በዓይን ግምት ነው። ደብተሩ ላይ «4 ጥማድ»፣ ማለትም አንድ ሄክታር ገደማ፣ የተጻፈለት ሰው በመሣሪያ ሲለካ ሊያንስበት ይችላል። አንዴ ከተለካ ደግሞ አዲሱ ቁጥር ነው የሚጻፈው።

የእኛ ነገር ያለቀው በ«ሠ» ነው። ትእዛዙ ወጣ፣ ውሎ አበሉን ከፈልን፣ ቀያሹ መጋቢት ላይ መጣ። የአጎቴ ማሳ ደብተሩ ላይ ካለው አነሰ። ይገፋል ያልነው ጎረቤት ማሳም አነሰ። ሁለቱ ሰዎች ንድፉን ትክ ብለው አዩት። ከዚያ ያኔ ገመዱን የጣለውን ሰውዬ እያሙ ከችሎት አብረው ወጡ።